በድልድይ ሆድ ውስጥ የተጀመረ ሙዚቃ

መኪኖቹ ከላይ ይከንፋሉ። ከአስፋልቱ ሥር፣ በፈጣን መንገዱ ድልድይ ሆድ ውስጥ፣ ዝቅ ያለ ባዶ ቦታ አለ። ጊዜው የ1980 ጁን መጀመሪያ፣ ከተማው ምዕራብ በርሊን ነው። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመቶች በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ሁለት ወጣቶች ጎንበስ ብለው ይገባሉ። ካሴት መቅረጫ፣ ጊታር፣ የሚመታ ነገርና ብረት ይዘዋል። መቅረጫውን ከፍተው ድልድዩን ራሱን መደብደብ ይጀምራሉ። ግድግዳው ይመልስላቸዋል፤ ኮንክሪቱ የእያንዳንዱን ምት ድምፅ አጉልቶና አርዝሞ መልሶ ይወረውረዋል።

ያ ቅጂ «የብረት ሙዚቃ» የሚል ስም ተሰጥቶት በካሴት ወጣ። በጥራቱ ለሬዲዮ የሚሆን አልነበረም። እኔ ግን ስለ ጀርመኑ ባንድ ስለ አይንሽቱርጸንዴ ኖይባውተን ሳስብ ሁልጊዜ የምነሳው ከዚያ ድልድይ ነው። እነዚህ ሰዎች ከአርባ ዓመት በላይ የሠሩት ሥራ በሙሉ እዚያ ውስጥ በፅንስ ደረጃ ነበርና፤ አንድን ሕንፃ መምታት፣ ከዚያም ዝም ብሎ የሚመልሰውን ማዳመጥ።

አንደኛው ወጣት ክርስቲያን ኤመሪሽ ነው፤ ዓለም የሚያውቀው ብሊክሳ ባርጌልድ በሚለው የመድረክ ስሙ ነው። «ብሊክሳ» የእስክሪብቶ ምርት ስም ነበር፣ «ባርጌልድ» ደግሞ በጀርመንኛ ጥሬ ገንዘብ ማለት ነው። ጥሬ ገንዘብ ግን በእጁ አልነበረም። ሁለተኛው ኒው ዮርክ የተወለደው አንድሪው ቹዲ፣ በመድረክ ስሙ ኤን. ዩ. ኡንሩ ነው። ከድልድዩ ቅጂ ሁለት ወር ቀደም ብሎ፣ አፕሪል 1 ቀን 1980፣ «ሙን» በተባለ የምሽት ክበብ የመጀመሪያ ዝግጅታቸውን ሲያቀርቡ ጉድሩን ጉትና ቤአተ ባርተል የተባሉ ሁለት ሴት ሙዚቀኞችም አብረዋቸው ነበሩ። እነሱ ብዙም ሳይቆዩ የራሳቸውን መንገድ ይዘው ሄዱ።

የባንዱ ስም ሲተረጎም «እየፈረሱ ያሉ አዳዲስ ሕንፃዎች» ይሆናል። የስሙን ክብደት ለመረዳት ግን የዚያን ዘመን በርሊን ማወቅ ያስፈልጋል። በጀርመን ቤት የሚፈልግ ሰው መጀመሪያ የሚጠየቀው አሮጌ ሕንፃ ይሻል እንደሁ ወይስ አዲስ ነው። አሮጌ የሚባሉት ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በፊት የተሠሩ፣ ጣሪያቸው ከፍ ያለ፣ ግድግዳቸው ወፍራም ቤቶች ናቸው። አዲስ የሚባሉት ከጦርነቱ በኋላ በፍርስራሹ ላይ በጥድፊያ የተተከሉት ናቸው። ከተማው በ1970ዎቹ አሮጌዎቹን ሰፈር በሰፈር እያፈረሰ በኮንክሪት አፓርታማ ይተካ ነበር። ወጣቶች ደግሞ ሊፈርሱ ባዶ የተተዉትን ቤቶች ሰብረው ይገቡና ይኖሩባቸዋል፤ በ1981 ምዕራብ በርሊን ውስጥ እንዲህ የተያዙት ቤቶች ከመቶ ስልሳ በልጠው ነበር። እንግዲህ በዚያ ከተማ፣ በዚያ ሰዓት፣ አዲሶቹ ሕንፃዎች ይፈርሳሉ ብሎ ራስን መሰየም የፖለቲካ ንግግር ያህል ነበር።

ከመጀመሪያው ዝግጅት ሰባት ሳምንት ሲያልፍ፣ ሜይ 21 ቀን፣ የበርሊን ጉባኤ አዳራሽ ጣሪያ በከፊል ተደረመሰ። አዳራሹ በ1957 ከአሜሪካ የተሰጠ ስጦታ፣ ከሩቅ የሚታወቅ ቆልማማ ጣሪያ የነበረው፣ የምዕራቡ ዓለም የዘመናዊነት ማሳያ ነበር። በኮንክሪቱ ውስጥ የተወጠሩት የብረት ገመዶች በዝገት ተበልተው ነበር። አንድ ሰው ሞተ፣ ሌሎች ተጎዱ። ሕንፃው በኋላ ተጠግኖ ዛሬ የዓለም ባህሎች ቤት ሆኖ ያገለግላል። ለባንዱ ግን ስሙ ትንቢት የሆነ ያህል ነበር፤ የደረሰው አደጋ ቀልድ አልነበረምና ስሙን ከዚያ ወዲያ የተሸከሙት በከባድነቱ ነው።

ምዕራብ በርሊን ራሷ እንግዳ ቦታ ነበረች። ዙሪያዋን በግንብ ታጥራ በምሥራቅ ጀርመን መሃል እንደ ደሴት የተቀመጠች ከተማ ነበረች። የከተማዋ ነዋሪ የሆነ ወንድ ለወታደራዊ አገልግሎት አይጠራም ነበር። መጠጥ ቤት የመዝጊያ ሰዓት አልነበረውም። መንግሥት ሰው ከተማዋን ጥሎ እንዳይሄድ ይደጉም ነበር፤ ስለዚህ ከመላ ምዕራብ ጀርመን ከወታደር ቤት የሸሸ፣ ከቤተሰቡ የተጣላ፣ ሥዕል ወይም ሙዚቃ የሚሞክር ሁሉ ወደዚያው ይጎርፍ ነበር። ገንዘብ የለም፤ ጊዜ ግን እንደ ልብ ነው።

ገንዘብ ማጣቱ የባንዱን ድምፅ ወሰነው። ኡንሩ ሲቸግረው ድራሙን ሸጠ። ዝግጅት ግን ነበረባቸው፤ ስለዚህ ከግንባታ ቦታና ከቆሻሻ መጣያ ብረት ለቃቅሞ ሌላ ድራም ሠራ። እኛ አገር ቁራሌው በጆንያ የሚሰበስበው ዓይነት ነገር ነው፤ ቆርቆሮ፣ የብረት ሰሌዳ፣ ቱቦ፣ የመኪና ሞላ። ከዚያ በኋላ የሱፐርማርኬት ጋሪ፣ መዶሻ፣ የኤሌክትሪክ መሰርሰሪያና ግራይንደር ተጨመሩ። ከሃምቡርግ የመጣው ኤፍ. ኤም. አይንሃይት ይህን የብረት ኦርኬስትራ ትከሻው እስኪዝል የሚመታ ሰው ሆነ፤ የቤዝ ጊታር ተጫዋቹ ማርክ ቹንግም ከእርሱ ጋር ከሃምቡርጉ ባንድ ከ«አብቬርትስ» መጣ። አሌክሳንደር ሃከ ሲቀላቀላቸው ገና ጢሙን ያላወጣ ልጅ ነበር።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ብረት ሲመታ የሚወጣው ድምፅ ለምን የጊታርን እንደማይመስል ማወቅ የእነዚህን ሰዎች ጥበብ ለመስማት ይረዳል። የጊታር ክር ሲነካ አንድ ድምፅ ብቻ አይወጣም። ከዋናው ድምፅ ጋር በሁለት እጥፍ፣ በሦስት እጥፍ፣ በአራት እጥፍ ፍጥነት የሚንቀጠቀጡ ረዳት ድምፆች አብረው ይወጣሉ። በሥርዓት የተደረደሩ ስለሆኑ ጆሮ አዋሕዶ እንደ አንድ ዜማ ይቀበላቸዋል። የብረት ሰሌዳ ግን እንደ ክር በርዝመቱ ብቻ አይንቀጠቀጥም፤ በስፋቱም፣ በማዕዘኑም፣ በሁሉም አቅጣጫ ይርገበገባል። ረዳት ድምፆቹ በቀመር አይገቡም። ጆሮ የዜማውን መሠረት ሊይዝ ይሞክርና ያመልጠዋል። ለዚህ ነው ብረት ሲመታ የሚያስደነግጠንም የሚያስደምመንም፤ ድምፁ ሙሉ ነው፣ ግን በየትኛው መሰላል ላይ እንደቆመ አይታወቅም። ኖይባውተን አንዱን ብረት ከሌላው እየመረጡ፣ ይህ ይጮኻል ያኛው ያቃስታል እያሉ በጆሮ ሲደረድሩ የሠሩት ሥራ መሣሪያ ከሚቃኝ ሰው ሥራ አይለይም።

ሞላውም እንዲሁ ነው። ረጅም የብረት ሞላ በፍሬም ላይ ወጥረህ ድምፅ ማንሻ ብታያይዝበት ቤዝ ጊታር የማይደርስበት ጥልቀት ያለው ጉርምርምታ ይሰጥሃል። የፕላስቲክ ቱቦ ደግሞ አፉን በጠፍጣፋ ነገር ስትመታው ውስጡ ያለው አየር ይዘምራል። ርዝመቱን እጥፍ ብታደርገው ድምፁ አንድ ኦክታቭ ይወርዳል። ቱቦዎቹን እየቆረጥክ ብትደረድራቸው የውኃ ማስተላለፊያ የነበረው ነገር ዜማ የሚጫወት መሣሪያ ይሆናል። ወደዚህ ቱቦ መጨረሻ ላይ እመለሳለሁ።

የመጀመሪያው አልበም «ኮላፕስ» በ1981 ሃምቡርግ በሚገኘው በአልፍሬድ ሂልስበርግ አሳታሚ ቤት ወጣ። በሽፋኑ ላይ የባንዱ አባላት ከበርሊን ኦሊምፒክ ስታዲየም ፊት ቆመው መሣሪያቸውን መሬት ላይ ዘርግተዋል። የእንግሊዙ ሮክ ባንድ ፒንክ ፍሎይድ በ1969 አልበሙ ጀርባ ላይ ያወጣውን፣ ውድ ዕቃው ተደርድሮ የሚታይበትን ፎቶ የሚያስታውስ ነው፤ እዚህ የተደረደረው ግን መሰርሰሪያና ውዳቂ ብረት ነው። እውነቱን ለመናገር «ኮላፕስ» ለጀማሪ አድማጭ አይመከርም። ያደክማል። ግን ባርጌልድ የሚያወጣው ያ ቀጭን፣ ብረት በብረት ሲፋቅ የሚመስል ጩኸት አንዴ ከተሰማ አይረሳም። ከሰው ጉሮሮ ይወጣል ብሎ ለማመን ይከብዳል። በ1983 የአውስትራሊያው ዘፋኝ ኒክ ኬቭ «ባድ ሲድስ» የተባለውን ባንዱን ሲያቋቁም ባርጌልድን ጊታር ተጫዋች አድርጎ ወሰደው፤ ሃያ ዓመት አብሮት ቆየ።

በ1980ዎቹ ስለ ባንዱ የሚወራው ሁሉ ስለ ማፍረስ ነበር። ጃንዋሪ 3 ቀን 1984 ለንደን በሚገኘው የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ተቋም «ኮንሰርቶ ለድምፅና ለማሽን» በሚል ርዕስ የቀረበው ዝግጅት ዝነኛ ነው፤ መሰርሰሪያ፣ የሞተር መጋዝና የሲሚንቶ ማደባለቂያ መድረክ ላይ ወጡ፣ የመድረኩ ወለል መቆፈር ሲጀምር አዘጋጆቹ አስቆሙት፣ ታዳሚውም ተቆጣ። ወሬው ከዚያ በኋላ ከባንዱ ቀድሞ ይጓዝ ጀመር። የኔ ቅሬታ ወሬው ሙዚቃውን መጋረዱ ነው። በ1985 የወጣውን «ሃልበር ሜንሽ» (ግማሽ ሰው) የሰማ ሰው ምን ያህል ስሌት እንዳለበት ያውቃል። የርዕሱ ዜማ ያለ ምንም መሣሪያ፣ በመዘምራን ድምፅ ብቻ የተሠራ ነው። በዚያው ሥራ ዙሪያ የጃፓኑ ዳይሬክተር ሶጎ ኢሺ ባንዱን ጃፓን ውስጥ በተዘጋ የብረታ ብረት ፋብሪካ ቀርጾ ፊልም ሠራ።

ድምፁ ወደ ሰፊው ገበያ የገባው ግን በሌሎች እጅ ነው። በ«ሃልበር ሜንሽ» ላይ የሠራው እንግሊዛዊው የድምፅ ባለሙያ ጋሬት ጆንስ በዚያው ዘመን ከእንግሊዙ ባንድ ከዲፔሽ ሞድ ጋርም ይሠራ ነበር፤ የዲፔሽ ሞድ የ1983 እና የ1984 ዘፈኖች ውስጥ የሚሰማው የብረት ካንኳታ ከበርሊን አየር የተቀዳ ነው። ከዚያ በኋላ በአሜሪካም በአውሮፓም «ኢንዱስትሪያል» ተብሎ የሚሊዮኖችን ጆሮ ያገኘው ሮክ ሙዚቃ እነሱ የጠረጉትን መንገድ ተከትሎ የመጣ ነው። ኖይባውተን ራሳቸው እንዲያ ያለ ገበያ አይተው አያውቁም።

ዲሴምበር 21 ቀን 1989። ግንቡ ከተከፈተ ስድስት ሳምንት ሆኖታል፤ ምሥራቅ ጀርመን ግን እንደ አገር ገና አለች። በምሥራቅ በርሊን በሊሽተንበርግ ወረዳ «ኤሌክትሮኮለ» የተባለ ለኤሌክትሪክ ዕቃ የሚሆን የካርቦን ምርት የሚያመርት የመንግሥት ፋብሪካ ነበር፤ የፋብሪካው አዳራሽም በመጀመሪያው የምሥራቅ ጀርመን ፕሬዚዳንት በቪልሄልም ፒክ ስም የተሰየመ ነው። ኖይባውተን የተጫወቱት እዚያ ነው። ለአሥር ዓመት ያህል ይህን ሙዚቃ ከግንቡ ማዶ በሬዲዮና እየተባዛ በሚዞር ካሴት ብቻ የሰሙ ወጣቶች አዳራሹን ሞሉት። ኡሊ ሹፔል የተባለ የፊልም ሠሪ ያን ምሽት ቀርጾ፣ ሃያ ዓመት ገደማ ቆይቶ በዚያ የነበሩ ሰዎችን ፈልጎ ያን ቀን ከቤታቸው ተነስተው በየት በየት እንደመጡ አስተርኳቸዋል። የሠራተኛው መንግሥት ፋብሪካ አዳራሽ ውስጥ የፋብሪካ ድምፅ ሙዚቃ ሆኖ ሲሰማ፣ ውጭ ደግሞ ያ መንግሥት በቀን በቀን ሲፈርስ አስቡት። ፋብሪካውም ብዙ አልቆየም።

1990ዎቹ መለያየት አመጡ። ማርክ ቹንግ በ1994 ሄደ፤ ቀጥሎ አልበም እየተሠራ ሳለ ኤፍ. ኤም. አይንሃይት ወጣ። ብረቱን የሚመታው ክንድ ሲሄድ ባንዱ አበቃለት ያለ ብዙ ነበር። በ1996 የወጣው አልበም «ኤንዴ ኖይ» ተባለ። በላቲን ፊደል የባንዱን ሁለት ቃላት አንዱን በሌላው ሥር ብትጽፍ ከመጀመሪያው ቃል መጨረሻ «ኤንዴ»፣ ከሁለተኛው ቃል መጀመሪያ «ኖይ» የሚሉት ይወጣሉ፤ ፍጻሜ፣ አዲስ። ከአሥራ ስድስት ዓመት በፊት ለራሳቸው ባወጡት ስም ውስጥ ተደብቆ የቆየ ርዕስ ነው። ዮኸን አርባይትና ሩዶልፍ ሞዘር በ1997 ሲቀላቀሉ ሙዚቃው ዝግ አለ፣ ባዶ ቦታ አበዛ። የ2000ው አልበም ርዕስ ዜማ ላይ ባርጌልድ ሲጋራ ይለኩሳል፤ ጢሱን ሲስብ ይሰማል፣ ከዚያ ዝምታ ይሆናል፣ ዝምታው ደግሞ ይቆያል። በጩኸት የታወቁ ሰዎች ዝምታን እንዲህ በልክ ሲይዙ የሰማሁ ጊዜ ስለ መጀመሪያዎቹ ዓመታት ያለኝን ግምት መልሼ አየሁት። ከመጀመሪያውም የሚያዳምጡ ሰዎች ነበሩ።

በ2002 ደግሞ የአሳታሚ ቤት ድጋፍ ሳይጠብቁ በቀጥታ ወደ አድማጮቻቸው ሄዱ። ደጋፊ የሆነ ሰው አስቀድሞ ይከፍላል፤ በምትኩ ባንዱ ስቱዲዮ ውስጥ ሲሠራ በኢንተርኔት በቀጥታ ያያል፣ አስተያየት ይሰጣል፣ ለደጋፊዎች ብቻ የተሠራ አልበም ይደርሰዋል። ከሕዝብ ገንዘብ የሚሰበሰብበት ድረ ገጽ ኪክስታርተር እንኳ የተመሠረተው ገና በ2009 ነው። ዛሬ አንድ ሙዚቀኛ ከአድናቂው ገንዘብ ሰብስቦ አልበም ሲሠራ ማንም አይገረምም፤ እነዚህ ግን የሞከሩት ስቱዲዮውን በካሜራ መከታተል ራሱ ብርቅ በነበረበት ጊዜ ነው። ለመነሻ የሚጠቀሙበት የጨዋታ ካርድም አላቸው፤ «ዴቭ» ይሉታል፣ ስድስት መቶ ያህል ካርዶች አሉት። እያንዳንዱ ካርድ ላይ የዕቃ፣ የሐሳብ ወይም የአሠራር ፍንጭ ተጽፏል። እያንዳንዱ የባንዱ አባል ካርድ ይስባል፣ የደረሰውን በራሱ መንገድ ተርጉሞ ይዞ ይመጣል፤ ዘፈኑ ከዚያ ይጀመራል።

ኖቬምበር 2004 ላይ ያንን የደጋፊ ማኅበር ይዘው ወደ ሌላ ሕንፃ ገቡ። የሪፐብሊኩ ቤተ መንግሥት በ1976 በምሥራቅ በርሊን እምብርት የተከፈተ፣ ፓርላማም የሕዝብ መዝናኛም የነበረ ግዙፍ ሕንፃ ነው። በ1990 በአዝቤስቶስ ምክንያት ተዘጋ። አዝቤስቶሱ ሲወጣለት ግድግዳው፣ ጣሪያው፣ መብራቱ አብሮ ተገፍፎ የብረት አጽሙ ብቻ ቀረ። በዚያ አጽም ውስጥ አንድ መቶ ያህል ደጋፊዎች እንደ መዘምራን ቆመው ከባንዱ ጋር ዘመሩ። ከሁለት ዓመት በኋላ ማፍረሱ ተጀመረ፣ በ2008 አለቀ፤ ዛሬ በቦታው የድሮው ንጉሣዊ ቤተ መንግሥት ቅጂ ቆሟል። የሕንፃው ብረት ቀልጦ ከፊሉ ወደ ዱባይ ተጭኖ ለቡርጅ ኸሊፋ ግንባታ ውሏል። ያ የዝማሬ ምሽት የነካው ብረት ከፊሉ ዛሬ በዓለም ረጅሙ ሕንፃ ውስጥ ተደብቆ ይገኛል ማለት ነው።

በ2020 የወጣው «አለስ ኢን አለም» አንዳንድ የበርሊን ሰፈሮችን ይጎበኛል፤ ባርጌልድ ያደገበት ግራትሰር ዳም የተባለ ጎዳናም አለበት። በ2024 የወጣው «ራምፐን» ደግሞ በኮንሰርት ላይ ያለ ዝግጅት ከፈጠሯቸው ሙዚቃዎች የተወለደ ነው። ሁለቱንም እወዳቸዋለሁ። ደጋግሜ የምመለሰው ግን ወደ 2014ቱ «ላመንት» ነው፤ ሙሾ ማለት ነው።

ሥራውን ያዘዘችው በቤልጂየም ያለችው ዲክስማውደ የተባለች ትንሽ ከተማ ናት። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ድንጋይ በድንጋይ ላይ ሳይቀር የፈረሰች ከተማ ናት። መቶኛ ዓመቱን ለማሰብ የጠራችው የጀርመን ባንድ፣ ስሙም የሚፈርሱ ሕንፃዎች። ያን ግብዣ ለመስጠትም ለመቀበልም ድፍረት ይጠይቃል። ኖቬምበር 8 ቀን 2014 እዚያው ተጫወቱት።

ከክፍሎቹ አንዱ ላይ ጥንት የተቀረጹ የሰዎች ድምፆች ይሰማሉ። በጦርነቱ ጊዜ የጀርመን የቋንቋ ምሁራን በምርኮኞች ካምፕ እየዞሩ ከየአገሩ የመጡትን እስረኞች በየቋንቋቸው ያናግሩ ነበር፤ ለማነጻጸር እንዲመች ብዙዎቹን ያስደገሟቸው አንድ ታሪክ ነው፤ የጠፋውን ልጅ ምሳሌ። ከቤቱ የራቀ ምርኮኛ፣ በባዕድ አገር፣ ልጁ ወደ አባቱ ቤት ሲመለስ አባቱ ሮጦ እንዳቀፈው በገዛ ቋንቋው ይተርካል። ባንዱ ከዚያ ሥር በ16ኛው ክፍለ ዘመን የኖረውን፣ እዚያው ዲክስማውደ የተቀበረውን ክሌመንስ ኖን ፓፓ የተባለ የቤተ ክርስቲያን ሙዚቃ ደራሲ ዜማ አነጠፈ። ሌላ ምንም አልጨመረበትም ለማለት ይቀላል። ስሰማው ግን ቁጭ ብዬ መስማት ነው የቻልኩት።

ሌላው ክፍል የቱቦዎቹ ነው። የፕላስቲክ ቱቦዎች ተደርድረዋል፤ እያንዳንዱ ቱቦ አንድ አገር ነው። ምቱ በደቂቃ 120 ነው፤ አንድ ምት አንድ ቀን። ጦርነቱ ከተጀመረበት ከጁላይ 28 ቀን 1914 እስከ ኖቬምበር 11 ቀን 1918 ያሉት ቀኖች 1,568 ናቸው፤ ይህም አሥራ ሦስት ደቂቃ ከጥቂት ሰከንድ ይሆናል። መጀመሪያ ኦስትሪያ-ሀንጋሪና ሰርቢያ ናቸው፤ ቀለል ያለ፣ የሚያስጨፍር የሚመስል ምት። የአገር ስም ይጠራል፣ ቱቦው ይገባል። ጀርመን። ሩሲያ። ፈረንሳይ። ቤልጂየም። ብሪታንያ ከነቅኝ ግዛቶቿ። በሰከንዶች ውስጥ የነበረው ክፍተት ሁሉ ይሞላል። ከዚያ ወዲያ ለረጅም ጊዜ ብዙም አይለወጥም፤ ያው ድብደባ፣ ያው ፍጥነት፣ ሁለት ቀን በሰከንድ። አድማጭ ይሰለቻል፣ ከዚያ መሰልቸቱ ያስደነግጠዋል፤ አንድ ጊዜ በረጅሙ ተንፍሶ እስኪጨርስ ሳምንት አልፏል። ጣሊያን ትገባለች። ሩማኒያ ትገባለች። አሜሪካ ትገባለች። ወደ መጨረሻው አገሮች አንድ በአንድ እየወጡ ምቱ ይሳሳል፤ የሩሲያው ቱቦ ቀድሞ ዝም ይላል፣ ከብዙ ቀን በኋላ የቡልጋሪያ፣ የኦቶማን፣ የኦስትሪያ። የቀሩት ጥቂት ቱቦዎች ለተጨማሪ ጥቂት ሰከንድ ይመታሉ፤ ኖቬምበር 9፣ ኖቬምበር 10፣ ኖቬምበር 11።